ልጅቷስ ተነሳች?

አያቴ ልትሞት ጥቂት ወራት እስኪቀሯት ድረስ ስለ አንዲት የማታውቃት ፈረንጅ ሴት ትጠይቀኝ ነበር። ሴቲቱን ያየቻት ለአምስት ደቂቃ ያህል ነው፤ እሱንም በቴሌቪዥን። ስሟን አታውቅም፣ አገሯን አታውቅም፣ ቋንቋዋን አትሰማም። ግን አትረሳትም። ሽንኩርት እየላጠች ወይም ፀጉሬን እየሰራችኝ ድንገት እጇን ታቆምና «ያቺ ልጅስ… እንዴት ሆነች ይሆን?» ትላለች።

ነገሩ እንዲህ ነው።

ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ቅዳሜ ከሰዓት። ጣራችን ላይ ዲሽ ከተሰቀለ ገና ሁለት ወሩ ስለነበር ሪሞት ኮንትሮል የያዘ ሰው በቤታችን እንደ ሹም ነው የሚታየው። የዚያን ቀን ሹሟ እኔ ነበርኩ። ቻናል ስቀያይር አንድ የአረብ ጣቢያ ላይ ጥቁር ሙሉ ልብስ የለበሰ ሰውዬ አገኘሁ። አጠገቡ የሚያብለጨልጭ ልብስ የለበሰች ሴት ፈገግ ብላ ቆማለች። ሰውዬው እጇን ይዞ ረጅም ሳጥን ውስጥ አስተኛት። ጭንቅላቷ በአንድ በኩል፣ እግሮቿ በሌላ በኩል ብቅ አሉ። ከዚያ መጋዝ አነሳ።

«በስመ አብ!» አለች ቡና ስትቆላ የነበረችው አያቴ። (ልጆቿም የልጅ ልጆቿም «እማማ» ነው የምንላት።) «ምን ሊያደርጋት ነው?»

«ሊቆርጣት ነው እማማ።»

«ምን አድርጋው?»

መልስ አልነበረኝም። መጋዙ ወረደ። ቡናው አረረ። ሰውዬው ሳጥኑን ለሁለት ከፈለው፤ ግማሹን ወደ ግራ ግማሹን ወደ ቀኝ ገፍቶ በመሃል አለፈ። ሴትዮዋ አሁንም ፈገግ እንዳለች ነው። ሰውዬው ሁለቱን ሳጥኖች መልሶ ሊያገጣጥም እጁን ሲዘረጋ… መብራት ጠፋ።

መድረኩ ላይ አይደለም። ሰፈራችን።

መብራት የመጣው ማታ ሁለት ሰዓት ላይ ነው፤ ቴሌቪዥኑ ሲከፈት የሚናገረው ስለ ሌላ ነገር ነበር። እማማ ያን ማታ ስትጸልይ የታመሙትን፣ የተሰደዱትን፣ በወህኒ ያሉትን እንደ ወትሮዋ ከጠራች በኋላ ዝም ብላ ቆየችና «ያቺንም ልጅ» ብላ ጨመረች። በማግስቱ ጠዋት እንዳዘነች ስላየኋት አንድ ነገር አደረግኩ። «እማማ፣ ተነስታለች እኮ። አይቻለሁ» አልኳት።

«የት አየሽ?»

«እነ ባቢ ቤት። ጄኔሬተር አላቸው።»

በጋዜጠኝነት ዘመኔ (እንዲህ ብዬ መጻፍ ከቻልኩ) የፈጠርኩት የመጀመሪያው የዜና ምንጭ የእነ ባቢ ጄኔሬተር ነው። እማማ «እግዚአብሔር ይመስገን» አለች። ግን አልረሳችውም። ከወር በኋላ ትጠይቃለች፦ «ስትነሳ በደንብ ትሄድ ነበር?» «አዎ እማማ።» ከዓመት በኋላ፦ «አንቺ በዓይንሽ አይተሻታል አይደል?» «አዎ እማማ።»

ይሄን ሁሉ ያመጣሁት ወድጄ አይደለም። ዩኒቨርሲቲ አራተኛ ዓመት ላይ ስለ ብሮድካስት ታሪክ የቡድን ወረቀት ስንሰራ (የቡድን ወረቀት ማለት አንድ ሰው የሚሰራው አምስት ሰው የሚፈርመው ወረቀት ነው) ስለ ቢቢሲው ፓኖራማ ሳነብ አንድ ነገር ላይ ደርሼ ወንበሬ ላይ ቀጥ ብዬ ተቀመጥኩ። እዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ አንዴ ልናገርና ልገላገል።

ኤፕሪል 9 ቀን 1956፣ ለንደን። ፓኖራማ ያኔም ቁም ነገረኛ ፕሮግራም ነው፤ ፖለቲካ፣ ኢኮኖሚ፣ የዓለም ሁኔታ። አቅራቢው ሪቻርድ ዲምብልቢ ነው፤ በ1953 የንግስቲቱን ዘውድ መጫን ለብሪታንያ ሕዝብ በቴሌቪዥን ያስተላለፈ፣ ድምፁ የታመነ ጋዜጠኛ። የዚያን ማታ እንግዳ ፒ. ሲ. ሶርካር የሚባል የቤንጋል ምትሃተኛ ነበር። ሶርካር እንደ ህንድ ማሃራጃ ለብሶ፣ ጥምጥሙ ላይ ላባ ሰክቶ ነው የሚቀርበው። ዲፕቲ ዴይ የምትባል የ17 ዓመት ረዳቱን አፍዝዞ ጠረጴዛ ላይ አስተኛት። (እኛ አገር «አፍዝ አደንግዝ» የምንለው ዓይነት መሆኑ ነው፤ ቢያንስ ለተመልካቹ።) ሳጥን የለም። መሸፈኛ የለም። ትልቅ ክብ የኤሌክትሪክ መጋዝ ወገቧ ላይ አወረደባት።

ከዚያ ሊቀሰቅሳት ሞከረ። እጆቿን አሻሸ። ስሟን ጠራ። አትመልስም። ራሱን ነቀነቀና ፊቷ ላይ ጥቁር ጨርቅ ጣለባት። ይሄኔ ዲምብልቢ ካሜራው ፊት መጥቶ ፕሮግራሙ ማብቃቱን ተናገረ።

አለቀ። ደህና እደሩ።

የቢቢሲ ስልኮች ተጨናነቁ። ሰው ሁሉ የሚጠይቀው አንድ ነገር ነው፤ ልጅቷ ሞታለች ወይ? በማግስቱ ወሬው የጋዜጦች የፊት ገጽ ላይ ወጣ። የቢቢሲ ማብራሪያ ሰዓት አልቆ ነው የሚል ነበር። ግን ሶርካር በሰዓት አጠባበቁ የታወቀ ሰው ነው፤ ያን ሰሞን ደግሞ ለንደን ዱክ ኦፍ ዮርክስ ቲያትር ውስጥ ትርዒት ሊጀምር ነበር። ቲኬቱ ተሸጦ አለቀ። አንድ ምትሃተኛ አንድን የዜና ድርጅት ሳይከፍል ማስታወቂያ አሰራው ማለት ነው። እኔ ግን መጀመሪያ ያሰብኩት ይሄን አልነበረም። የታየኝ በሺህ የሚቆጠሩ የእንግሊዝ እማማዎች ስልክ ይዘው «ልጅቷስ?» ሲሉ ነው። እነሱ እንኳ የሚደውሉበት ቁጥር ነበራቸው። እማማ የነበራት እኔን ነው።

ሶርካርን ካነበብኩ በኋላ የቡድን ወረቀቱን ትቼ ሁለት ሳምንት ሙሉ ምትሃት ብቻ ነው ያነበብኩት (ወረቀቱን ያዳነችው ሌላ ልጅ ናት፤ ይቅር ትበለኝ)። አንድ ጥያቄ ያዘኝ፦ ሰው እንዴት በቴሌቪዥን የሚታይ ምትሃትን ያምናል? መድረክ ላይ ይገባኛል፤ ፊት ለፊትህ ነው። ካሜራ ግን ራሱ አታላይ ነው። ይሄን ከማንም በፊት ያወቁት ደግሞ ምትሃተኞቹ ናቸው። ፈረንሳዊው ዦርዥ ሜልየስ በ1888 ፓሪስ ውስጥ የምትሃት ቲያትር ገዝቶ ሲያሳይ የኖረ ሰው ነው። ሲኒማ ሲመጣ ካሜራ ያዘ። እሱ ራሱ በኋላ እንደተረከው አንድ ቀን መንገድ ላይ ሲቀርጽ ካሜራው ለአፍታ ተያዘበት፤ አስተካክሎ ቀጠለ። ፊልሙን ሲያየው የሕዝብ ማመላለሻ ጋሪው በአንዴ የሬሳ ጋሪ ሆኗል። በ1896 በሰራት አጭር ፊልም ወንበር ላይ የተቀመጠችን ሴት ድንገት አጠፋት። መድረክ ላይ ይሄን ለመስራት የወለል ቀዳዳ፣ ልዩ ወንበር፣ የዓመታት ልምምድ ያስፈልጋል። ለሜልየስ ያስፈለገው ካሜራውን አቁሞ ሴትዮዋን «ነይ ውረጂ» ማለት ብቻ ነበር።

እና ካሜራ ምትሃትን ገደለ ማለት ነው? በካት አንድን ሰው ማጥፋት ከተቻለ ለምን ጣት እስኪደማ ልምምድ ያስፈልጋል?

መልስ የሰጠው አሜሪካዊው ማርክ ዊልሰን ይመስለኛል። ኦክቶበር 1 ቀን 1960 ሲቢኤስ ላይ «ዘ ማጂክ ላንድ ኦፍ አላካዛም» የሚባል የቅዳሜ ጠዋት ፕሮግራም ጀመረ። ስፖንሰሩ ኬሎግስ ነበር፤ ልጆች ቁርሳቸውን እየበሉ ያዩታል። በኋላ ወደ ኤቢሲ ተዛውሮ እስከ 1964 ቆየ። ሰውዬው ሕግ አወጣ። ስቱዲዮ ውስጥ ሁልጊዜ ተመልካች ይኖራል። ምትሃቱ እየተሰራ ካሜራ አይቆረጥም። ቤት ያለው ልጅ የሚያየው ስቱዲዮ ያለው ልጅ የሚያየውን ነው። ይህንንም ለተመልካቹ ይነግረዋል።

ልብ በሉ፤ ይህ ሰው ስራው ማታለል ነው። ደመወዝ የሚበላው በማታለል ነው። ሆኖም «በእጄ አታልልሃለሁ እንጂ በካሜራ አላታልልህም» ብሎ ቃል ገባ። ከዚያ በኋላ የመጡት ትልልቆቹም እንደየአቅማቸው ይህንን ቃል ተሸክመዋል። ካናዳዊው ዳግ ሄኒንግ (ፀጉሩ የተንጨባረረ፣ ልብሱ እንደ ቀስተ ደመና) ዲሴምበር 26 ቀን 1975 ኤንቢሲ ላይ የሁዲኒን የውሃ ሳጥን በቀጥታ ስርጭት ሰራው፤ ቢያቅተው በቀጥታ ስርጭት ያቅተዋል ማለት ነው። ከ50 ሚሊዮን በላይ ሰው እንዳየው ይነገራል። ዴቪድ ኮፐርፊልድ ደግሞ ኤፕሪል 8 ቀን 1983 ሲቢኤስ ላይ የነጻነት ሐውልትን «ሲያጠፋ» ሐውልቱ ፊት ለፊት የተቀመጡ ተመልካቾች ነበሩት። በሰፊው የሚታመነው ማብራሪያ መጋረጃው ተዘግቶ ሳለ ተመልካቾቹ የተቀመጡበት መድረክ ቀስ ብሎ ዞሯል የሚል ነው። ሐውልቱ የትም አልሄደም። የሄዱት ሰዎቹ ናቸው፤ ሳያውቁት።

ይሄንን ሳነብ ሳቄ መጣ፤ ከዚያ ሳቄ ተቋረጠ። አንድ አዳራሽ ትዝ አለኝ።

ሶስተኛ ዓመት ላይ ለሁለት ወር ኢንተርንሺፕ አንድ ጣቢያ ተመድቤ ነበር። ስሙን አልጠራም፤ ብጠራውም የተለየ ኃጢአት የለበትም። በሁለተኛው ሳምንት ከአንድ ካሜራማን ጋር አንድ የምረቃ ስነ ስርዓት እንድዘግብ ተላክሁ። አዳራሹ ቢያንስ አምስት መቶ ሰው ይይዛል። የተገኘው ሰው… ቆጠርኩት፤ አርባ ሶስት። ከአርባ ሶስቱ ስድስቱ አስተናጋጆች ናቸው። አዘጋጁ መጥቶ ጆሮው ላይ አንድ ነገር ነገረው፤ ካሜራማኑ «አታስብ» አለው። ከዚያ አርባ ሶስቱን ሰዎች ፊት ለፊት ሰብስቦ ጠበብ አድርጎ ቀረጸ። ለሻይ ተነስተው ሲመለሱ «እስኪ በዚህ በኩል ተቀመጡልኝ» ብሎ በሌላ አቅጣጫ ቀረጸ። አንዴ ደግሞ ከኋላ። ጎበዝ ነው፤ እጁ ላይ ይታያል። ስንወጣ ሳቅ ብሎ «ይኸውልሽ፣ አምስት እንጀራና ሁለት ዓሣ» አለኝ።

ጽሑፉን የጻፍኩት እኔ ነኝ። «በርካታ ታዳሚዎች በተገኙበት…» ብዬ ጀመርኩ። ማንም አላዘዘኝም። ኤዲተሩ አንድ ቃል እንኳ አልነካም። ድምፁም የኔ ነው፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፄ በቴሌቪዥን የተላለፈው በዚያ ዜና ነው። ማታ ቤት ስገባ እናቴ እልል አለች። እማማ ከሶፋው ሳትነሳ ጉንጬን ሳመችና «አዳራሹ ጢም ብሎ ነበር አይደል?» አለችኝ።

«አዎ እማማ።»

ማርክ ዊልሰን፣ ያ የልጆች ምትሃተኛ፣ ያደረገው ነገር እንዲህ ያበሳጨኝ ለዚህ ነው። ሰውዬው ለቁርስ ቆሎ ማስታወቂያ ሲሰራ የጠበቀውን ሕግ እኔ ለዜና አልጠበቅኩትም።

በነገራችን ላይ ቴሌቪዥን ራሱ አታላይን የማጋለጥ ችሎታ የለውም ማለቴ አይደለም። በ1973 ዩሪ ጌለር የሚባል እስራኤላዊ ማንኪያ በሃሳብ አጣጥፋለሁ እያለ ዓለምን ሲያዞር ጆኒ ካርሰን ፕሮግራም ላይ ቀረበ። ካርሰን ታዋቂ ከመሆኑ በፊት በልጅነቱ ምትሃት ይሰራ የነበረ ሰው ነው። ጄምስ ራንዲ የሚባለውን ምትሃተኛ አማከረ፤ ራንዲም «ዕቃዎቹን የራስህን አቅርብ፤ የሱም ሰዎች እንዳይጠጉ» አለው። ጌለር ብዙ ደቂቃ ተቀምጦ ምንም አልሆነለትም። ዛሬ ኃይል አልተሰማኝም አለ። አበቃለት ትሉ ይሆናል። ጭራሽ! ዝናው ቀጠለ። ብዙ ሰው «አስመሳይ ቢሆን ኖሮማ ሁሌም ይሳካለት ነበር» ብሎ የባሰ አመነው። ይሄን ካነበብኩ ወዲህ «እውነቱ ከተነገረ ሕዝብ ይነቃል» የሚለው የክፍላችን አባባል ላይ ጥርጣሬ አለኝ።

የኛ ቋንቋ ስለ እነዚህ ነገሮች ጠንቃቃ ነው። «አስማት» ግዕዙ «ስሞች» ማለት ነው፤ የተሰወረ ስም እየጠሩ ኃይል መሳብ። «ምትሃት» ግን ያልሆነው ሆኖ ሲታይ ነው፤ የዓይን ጉዳይ። ጌለር አስማት ነው እያለ ምትሃት ሸጠ። ሶርካርና ኮፐርፊልድ ምትሃት ነው ብለው ምትሃት ሸጡ። መናኸሪያ አካባቢ ሶስት ካርታ እያገላበጠ ብራችሁን የሚበላው ልጅ ደግሞ ሁለቱንም አይልም፤ «ቀይዋን ያየ» ነው የሚላችሁ።

አስራ ሁለት ዓመት ሲሆነኝ አጎቴ ከመርካቶ አንድ ቪሲዲ ይዞ መጣ። ፊቱን በጭምብል የሸፈነ ምትሃተኛ የሙያ ጓደኞቹን ሚስጥር አንድ በአንድ የሚያወጣበት ነው። ፎክስ ላይ በ1997 ሲጀመር አሜሪካ ያሉ ምትሃተኞች በቁጣ ነደው ነበር። ጭምብሉን በ1998 አወለቀ፤ ቫል ቫለንቲኖ ይባላል፣ አዲስ ብልሃት እንዲፈጥሩ ላነቃቃቸው ብዬ ነው አለ። (እንዲህ ያለ ሰው በየመስሪያ ቤቱ አለ።) እኔ ያንን ታሪክ አላውቅም፤ እኔ የፈለግኩት የመጋዙን ነበር። አየሁት። የሚገርመው ነገር መጋዙ ምንም አይሰራም። ሰውዬውም ምንም አይሰራም። ስራውን የምትሰራው ሳጥን ውስጥ ያለችው ሴት ናት፤ እሷ ናት ሰው ሊገባበት የማይችል የሚመስል ቦታ ውስጥ ራሷን አጣጥፋ የምትገባው፣ ትንፋሿን የምትይዘው፣ ያ ሁሉ ሲሆን ፈገግ የምትለው። ጭብጨባው ሲመጣ እጁን ዘርግቶ የሚቀበለው እሱ ነው።

ለምን ሁልጊዜ ሴት ናት? ይሄንንም አነበብኩ። እንግሊዛዊው ፒ. ቲ. ሴልቢት ጃንዋሪ 17 ቀን 1921 ለንደን ፊንስበሪ ፓርክ ኢምፓየር ላይ ሰውን በመጋዝ የመቁረጥ ትርዒት ለሕዝብ አቀረበ። ከዚያ በፊት በነበረው ዘመን የምትሃተኛ ረዳት ወንድም ሴትም ይሆን ነበር። 1921 ማለት የእንግሊዝ ሴቶች (ያውም ከፊሎቹ፣ ሰላሳ ዓመት የሞላቸው) የመምረጥ መብት ካገኙ ሶስት ዓመት ብቻ ያለፈበት ጊዜ ነው። ሴልቢት ለሴቶች መብት ስትታገል የነበረችውን ክሪስታቤል ፓንክረስትን «ነይና በመጋዝ ልቁረጥሽ፣ ደመወዝ እከፍልሻለሁ» ብሎ ጋበዛት። እሷም አልመጣችም። ለማስታወቂያ ነው ይላሉ፤ ቀልድ ነው ይላሉ። እማማ ይሄን ሁሉ ሳታነብ በሁለት ቃል ጠይቃው ነበር፤ «ምን አድርጋው?»

ቪሲዲውን ያየሁ ቀን ሮጬ ሄጄ ነገርኳት። «እማማ፣ ውሸት ነው! አልተቆረጠችም፤ እግሯን አጥፋ ነው!»

«ውሸት ከሆነ ለምን መጋዝ ያዘ?»

«ሰው እንዲያምን።»

«ሰው አምኖ ምን ሊጠቀም?»

ልጅ ነኝ፤ ዝም አልኩ። እሷም አሰብ አደረገችና «እሺ ይሄኛው ይሁን። የኔዋ ግን?» አለች። ልክ ናት። ቪሲዲው ላይ ያለችው ሴት ሌላ ናት። አንዷ በደህና መውጣቷ ሌላዋ ለመውጣቷ ማስረጃ አይሆንም። ይህንን ዩኒቨርሲቲ ውስጥ አንድ ሴሚስተር ሙሉ ነው ያስተማሩን።

የተገላቢጦሹም አለ። እውነት ሆኖ ማንም ያላመነው። ቶሚ ኩፐር የሚባል ግዙፍ ሰው ነበር፤ ዌልስ የተወለደ። ሆን ብሎ ምትሃቱን የሚያበላሽ ምትሃተኛ ነው። ጠርሙሱ ይወድቅበታል፣ ካርታው ይጠፋበታል፣ ሕዝቡ በሳቅ ይፈርሳል። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በወታደርነት ግብፅ ሳለ ካገኘው ወዲህ ቀይ ታርቡሹን ሳያደርግ መድረክ አይወጣም። ኤፕሪል 15 ቀን 1984 ለንደን ውስጥ ሄር ማጀስቲስ ከተባለው ቲያትር በቀጥታ ሲተላለፍ፣ ረዳቱ ካባ አልብሳው እንደሄደች፣ ቀስ ብሎ መጋረጃው ላይ ተደግፎ ወደ ታች ሸርተት አለ። ልቡ ነው። አዳራሹ ሳቀ። በኃይል መተንፈስ ጀመረ፤ አዳራሹ ሳቀ። ወደ ኋላ ተዘረጋ፤ ሳቁ ቀጠለ። ስርጭቱ ወደ ማስታወቂያ ተቆረጠ፤ ሲመለስ ቀጣዮቹ ተዋንያን መጋረጃው ፊት ለፊት ቆመው ስራቸውን ቀጠሉ፤ እሱ ከመጋረጃው ኋላ ነበር። ቪዲዮውን የማግኘት ዕድል ነበረኝ፤ አላየሁትም። የሰዎቹን ሳቅ ነው የፈራሁት። እኔም ብሆን እስቅ ነበር። ሰዎቹ ክፉ ስለሆኑ አይደለም፤ ስክሪን ላይ የሚወድቅ ሰው ሁልጊዜ እንደሚነሳ ለምደው ነው። በ1956 ደግሞ የተኛችው ደህና ሆና ሳለ አገር ተጨነቀ።

ከዚያ በኋላ ያለውን ታውቁታላችሁ። በ1997 ዴቪድ ብሌን ካሜራውን መንገድ ላይ አውጥቶ ከእጁ ይልቅ ወደ ተመልካቹ ፊት አዞረው፤ የሚጮኹት፣ የሚሮጡት፣ አፋቸውን የሚይዙት ሰዎች ራሳቸው ትርዒት ሆኑ። ዛሬ ስልካችሁ ላይ በአስራ አምስት ሴኮንድ ሰው ወደ ወፍ የሚቀይሩት ልጆች የሜልየስ ልጆች ናቸው፤ ዊልሰንን የሚያስታውስ የለም። አሁን ደግሞ ጭራሽ ሰውም ወፍም ካሜራም ሳያስፈልግ ኮምፒውተሩ ራሱ ይሰራዋል። ስለሱ ሌላ ቀን።

ስለ ሶርካር ያነበብኩ ሰሞን፣ ቅዳሜ ከሰዓት እማማ ጋ ሄድኩ። ታማ ነበር፤ ቡና የማፈላው እኔ ነኝ። ሁለተኛውን ቀድቼ ስሰጣት እንዲሁ አፈተለከኝ። «እማማ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ። ያቺን ልጅ ስትነሳ አላየሁም። እነ ባቢ ቤትም አልሄድኩም።»

«አውቃለሁ» አለች ሲኒዋን እየነፋች። «እነ ባቢ ጄኔሬተር የነበራቸው መቼ ነው? ኩራዝ ይበደሩን ነበር እኮ።»

ደነገጥኩ። «ታዲያ ለምን ስትጠይቂኝ ኖርሽ?»

«አንድ ቀን አጣርተሽ ትነግሪኝ እንደሆነ ብዬ ነዋ። የተማርሽው እሱን አይደለም?»

ከዚህ በኋላ የቀረውን መደበቅ ምን ያደርጋል? «አዳራሹም ባዶ ነበር እማማ» አልኩ። «ያ ቴሌቪዥን ላይ ያየሽው። አርባ ሰው አይሞላም።»

«እሱንማ አየሁ።»

«ምኑን አየሽ?»

«ባለ ቀይ ሻሿን ሴትዮ። አንዴ ከፊት ናት፣ አንዴ ከኋላ ናት፣ አንዴ ደግሞ ከመስኮቱ ጋ። በአንድ ዜና ስንት ቦታ ትቀመጣለች?» ሳቀች፤ ሳሉ አቋረጣት። «ለእናትሽ አልነገርኳትም። ደስ ብሏት ነበር።»

ፊቴን ወደ ረከቦቱ አዙሬ ቆየሁ። ከዚያ ስለ ዲፕቲ ዴይ ነገርኳት፤ ስለ ህንዱ፣ ስለ መጋዙ፣ ስለ ጥቁሩ ጨርቅ፣ ደህና እደሩ ስላለው ጋዜጠኛ፣ ስለተጨናነቁት ስልኮች። ስትሰማኝ ቡናዋ ቀዘቀዘ። «እና ልጅቷ?» አለችኝ።

«ደህና ናት እማማ። ትርዒታቸውንም ቀጥለዋል። ይሄን አጣርቻለሁ፣ ተጽፏል።»

«እሰይ።» አማተበች። ሲኒዋን ለሶስተኛው አቀረበችልኝና ትንሽ ዝም ብላ ቆየች።

«እሷ ያንቺዋ ናት» አለች። «የኔዋስ?»